የጸደቀ የፍቺ ስምምነት፣ የማይጸና የዓርብ ማታ ቀጠሮ

ቱሉ ዲምቱ፣ ኮዬ ፈጬ፣ የካ አባዶ። የኮንዶሚኒየም ዕጣ ብዙ ሰው ወደ አዲስ አበባ ዳርቻ አውጥቷል፤ ከነዚህ መካከል የተፋቱ ወላጆችም አሉ። የፍቺ ስምምነታቸው የተጻፈው መሀል ከተማ ጎረቤት ለጎረቤት ሲኖሩ ነው፤ አሁን በመካከላቸው ሁለት ሦስት ታክሲ አለ። ስለ ልጆቻቸው ሲነጋገሩ ደጋግሜ የምሰማቸውን አባባሎች ላንሳ።

«ስምምነቱ ጸድቋል፤ ከእንግዲህ አይነካም»

ይህ ግማሽ እውነት ነው። ቤቱና ዕቃው አንዴ ከተከፋፈለ፣ በወጉ የተዘጋ ጉዳይ ነው። የልጅ ጉዳይ ግን እንደዚያ አይዘጋም። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በአንቀጽ 113 እንደሚለው፣ ውሳኔው የተሰጠባቸው ሁኔታዎች ሲለወጡ ፍርድ ቤቱ በራሱ ተነሳሽነት ወይም ከሁለቱ በአንዱ አመልካችነት ጉዳዩን እንደገና ሊያይ ይችላል። ይህ ከይግባኝ የተለየ መንገድ ነው። ይግባኝ «ያኔ ተሳስታችኋል» ማለት ነው፤ ማሻሻያ ደግሞ «ያኔ ትክክል ነበር፣ ዛሬ ግን ነገሩ ተለውጧል» ማለት ነው።

ስለዚህ ለውጡ መታየት አለበት። እንበል፣ ልጅቷ ከእናቷ ጋር ቄራ ትኖር ነበር፤ አባት ጎተራ ሆኖ ዓርብ ማታ ይወስዳታል፣ እሑድ ይመልሳታል። እናት ቱሉ ዲምቱ ቤት ደረሳት። ልጅቷ ትምህርት ቤት ቀየረች፤ ቅዳሜ ጠዋት ማጠናከሪያ ትምህርት ተጀመረ፤ ዓርብ ማታ ቃሊቲ ላይ ታክሲ ጥበቃ ሲመሽ እንቅልፍ ይጥላታል። እዚህ ላይ ልጅቷ ከማን ጋር ትኑር የሚለው ጥያቄ አልተነሳም። የተለወጠው ሰዓቱና መንገዱ ስለሆነ፣ መጠየቅ ያለበት የመገናኛው ጊዜ እንዲስተካከል ነው። ብዙ ሰው ግን በንዴት «ልጄን ይስጡኝ» ብሎ ይጽፋል፤ ያልጠየቁትን ጠብ ይጀምራል። ማስረጃው የትምህርት ቤት ደብዳቤ፣ የቤት ውል፣ ካለም የሕክምና ወረቀት ነው። «የቀድሞ ባለቤቴ ክፉ ሰው ነው» ለውጥ አይደለም። ክፉ ከነበረ ያኔም ነበር።

«ልጅ እስከ አምስት ዓመቱ የእናቱ ነው»

ይህ ከሰው ጭንቅላት ያልወጣ የድሮ ሕግ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ፣ ከባድ ምክንያት ከሌለ በቀር፣ ልጅ እስከ አምስት ዓመቱ ከእናቱ ጋር ይሁን ይል ነበር። የተሻሻለው ሕግ ይህን አላስቀጠለም፤ የሚመዘነው የወላጆቹ ገቢ፣ ዕድሜ፣ ጤናና አኗኗር እንዲሁም የልጁ ዕድሜና ጥቅም ነው። ገቢ ከሚዛኖቹ አንዱ ብቻ መሆኑን ልብ ይሏል፤ ሰፊ ሳሎን ያለው ወላጅ በዚያ ብቻ አያሸንፍም።

«ቀለብ ያልከፈለ ልጁን አያይም»

ሁለቱ የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ቀለብ ሲቋረጥ መፍትሔው ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን በግድ እንዲያስፈጽም የአፈጻጸም መዝገብ መክፈት ነው እንጂ በር መዝጋት አይደለም፤ መገናኘት የልጁም መብት ነውና። «አላሳየችኝም» ብሎ ቀለብ ማቆምም እንዲሁ ስሕተት ነው። በነገራችን ላይ፣ ውዝፍ ቀለብን በዝምታ ማስቀመጥ አይበጅም፤ በሦስት ወር ውስጥ ያልተጠየቀ ቀለብ ለኑሮ አስፈላጊ መሆኑ ካልተረጋገጠ ሊቀር ይችላል።

«እንደገና ካገባች ልጁን ትነጠቃለች»

ማግባት ብቻውን ምክንያት አይሆንም። የሚታየው ልጁ በአዲሱ ቤት እንዴት እንደሚኖር ነው።

«በሽማግሌ ተስማምተናል፣ ይበቃል»

ሽማግሌ ያስማማ፣ እሰየው! ጠቡን አብርዶ ብዙ ወጪ ያድናል። ነገር ግን በቃል የተለወጠው ዓርብ ነገ አንዱ ሲክድ አይፈጸምም፤ በፍርድ ቤት መዝገብ ያለው የድሮው ነው። ስምምነቱን በጽሑፍ ይዞ ውሳኔውን ለሰጠው ፍርድ ቤት ማቅረብና ማስጸደቅ ይሻላል። ፍርድ ቤቱም የልጁን ጥቅም አይቶ ነው የሚያጸድቀው።

«ለገጣፎ ገብቻለሁ፤ የአዲስ አበባ ውሳኔ አይመለከተኝም»

የኦሮሚያ ክልል የራሱ የቤተሰብ ሕግ እንዳለው እውነት ነው። ቤት መቀየር ግን የተሰጠን ውሳኔ አይሽርም። ማሻሻያ የሚፈልግ ወላጅ የድሮውን መዝገብ ቁጥር ይዞ ጉዳዩን ወዳየው ፍርድ ቤት ይሂድ። አዲስ ትእዛዝ እስኪሰጥ ድረስ የቀድሞው ይጸናል፤ ዓርብ ማታ ልጁን ማድረስም እንደዚሁ።