ሚቦጂን ምንድን ነው?

በጃፓንኛ ባሏ የሞተባት ሴት «ሚቦጂን» ትባላለች። ቃል በቃል ሲፈታ «ገና ያልሞተች ሰው» ማለት ነው። ከጥንታዊ ቻይና የመጣ ቃል ነው። «ባሌን ተከትዬ መሞት ሲገባኝ ይኸው አለሁ» ብላ ሴቲቱ ራሷን ዝቅ የምታደርግበት ነበር። እሷ ስትለው ትሕትና ነው። ሌላ ሰው ሲጠራት ግን ከነሕይወቷ መቅበር ነው።

ይቺ ሴት በጃፓን «ፒንክ ፊልም» ውስጥ ደጋግማ ትመጣለች። ፒንክ ፊልም በፈረንጆቹ 1962 የተጀመረ፣ በትናንሽ ኩባንያዎች የሚሠራ ወሲብ ቀመስ ፊልም ነው። በትንሽ ብር፣ በጥቂት ቀናት ይቀረጻል። አንድ ሰዓት ገደማ ይረዝማል። ሚቦጂኗ ጥቁር የሐዘን ኪሞኖ ለብሳ ትታያለች፤ ብዙ ጊዜ ዕንባዋ ሳይደርቅ ወንድ ይመጣባታል። እዚህ ላይ ነው እኔን የሚከፋኝ። ሐዘኗ ለተመልካቹ ማጣፈጫ ይሆናል። አንቺስ ምን ትፈልጊያለሽ የሚላት የለም።

ጥያቄውን ያነሳው ወሲብ የሌለበት ፊልም ነው፤ የያሱጂሮ ኦዙ «የቶኪዮ ታሪክ»፣ 1953። ሴትሱኮ ሃራ የምትጫወታት ኖሪኮ ባሏ ጦርነት ላይ ከቀረ ስምንት ዓመት ሆኗታል። አማቶቿ እባክሽ አግቢ ይሏታል። ፊልሙ ሊያልቅ ሲል ለባሏ አባት እውነቱን ታወጣዋለች፦ ባሏን ጭራሽ የማታስብባቸው ቀናት አሉ፤ ልቧም የሆነ ነገር ይጠብቃል። እንዲህ ብሎ መናገር ትልቅ ድፍረት ይጠይቃል። ለእኔ ጠንካራ ሴት ማለት ይቺ ናት። ጃፓናዊው ዳይሬክተር ማሳዩኪ ሱኦ በ1984 የመጀመሪያ ፊልሙን ሲሠራ የኦዙን አቀራረጽ ወስዶ ፒንክ ፊልም ሠራበት።

ከሁሉም በላይ የምወዳት ግን ሳቺ ሃማኖን ነው። ዳይሬክተር መሆን ስትመኝ ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች በረዳትነት የሚቀጥሩት ዩኒቨርሲቲ የጨረሰ ወንድ ነበር። ስለዚህ በፒንክ ፊልም በኩል ገባች፤ ከ300 በላይ ሠራች። ወሲብን ከሴቷ ወገን ሆና ነው የምታሳየው፤ ሴቷ ትፈልጋለች፣ ትመርጣለች፣ እምቢም ትላለች።

በ2001 ደግሞ ከፒንክ ፊልም ወጣ ብላ «ዩሪሳይ» የተባለ ፊልም ሠራች። አንድ ሕንፃ ውስጥ አሮጊቶች ይኖራሉ። አንድ ሽማግሌ ጎረቤት ሆኖ ይመጣል። አልቆላቸዋል የተባሉት ሴቶች ፍላጎታቸው ይነቃል፣ ይቀናናሉ፣ ይሳሳቃሉ። ካሜራውም አያፍርባቸውም።