ዲፈርድ ታክስ ምንድን ነው?

«ወጪ» የሚለው ቃል «ወጣ» ከሚለው የመጣ ነው። በሒሳብ መግለጫ ላይ ግን ከካዝና ሳይወጡ ወጪ የሚባሉ ነገሮች አሉ። አንዱ የእርጅና ቅናሽ ነው። ገንዘቡ ማሽኑ የተገዛ ዕለት ወጥቶ አልቋል፤ በየዓመቱ የሚመዘገበው ያው የወጣው ገንዘብ እየተቆራረሰ ነው። የተላለፈ ግብር፣ በሒሳብ ሰዎች አፍ ዲፈርድ ታክስ፣ የዚሁ ዘመድ ነው፤ ዛሬ ወጪ ተብሎ ተመዝግቦ ክፍያው ለሌላ ዓመት የሚቆይ ግብር ነው።

በቁጥር እንየው። አንድ ድርጅት በ900 ሺህ ማሽን ገዛ። በመዝገቡ ለ3 ዓመት እኩል ያካፍለዋል፤ በዓመት 300 ሺህ። የግብር ሕጉ ግን በመጀመሪያው ዓመት 600 ሺህ፣ በሁለተኛው 300 ሺህ እንዲቀንስ ይፈቅዳል እንበል። ከቅናሹ በፊት ያለው ትርፍ በየዓመቱ 1 ሚሊዮን፣ ግብሩ 30 በመቶ ይሁን።

በመጀመሪያው ዓመት የመዝገቡ ትርፍ 700 ሺህ፣ ግብሩ 210 ሺህ ነው። ለግብር ሰብሳቢው የታወቀው ትርፍ ግን 400 ሺህ፣ የተከፈለው 120 ሺህ። የቀረችው 90 ሺህ አልተማረችም፤ ቀጠሮ ተሰጣት እንጂ። ስለዚህ ዕዳ ሆና ትመዘገባለች። በሁለተኛው ዓመት ሁለቱ ሒሳቦች ይገጥማሉ። በሦስተኛው ለግብር የሚቀነስ ስለሌለ 300 ሺህ ይከፈላል፤ ቀጠሮዋ ደረሰ ማለት ነው። ድምሩ በሁለቱም መንገድ 630 ሺህ ነው። ይህን ሲሰማ «ሁለት ደብተር መያዝ ነዋ!» የሚል አይጠፋም። ልዩነቱ እዚያው መግለጫው ላይ በግልጽ ይጻፋል፤ የሚደበቅ የለም።

የጥሬ ገንዘብ ፍሰት መግለጫው ሥራ ደግሞ ያልወጣውን ወጪ መመለስ ነው። የመጀመሪያው ዓመት የተጣራ ትርፍ 490 ሺህ ነው። የእርጅናው 300 ሺህና የዲፈርድ ታክሱ 90 ሺህ ሲደመሩበት 880 ሺህ ይሆናል። ከ1 ሚሊዮን ላይ የተከፈለው 120 ሺህ ሲነሳም ያው 880 ሺህ ነው።

ነገሩ ተገልብጦ ሀብትም ይሆናል። ያለፈ ኪሳራ የነገን ግብር የሚቀንስ ከሆነ፣ ያ ቅናሽ እንደ ሀብት ይመዘገባል። የግብር ምጣኔ ሲቀየር ግን ሀብቱም ዕዳውም እንደ አዲስ ይሰላል። በ2017 (እ.ኤ.አ.) መጨረሻ አሜሪካ የኩባንያዎችን ግብር ከ35 ወደ 21 በመቶ ስታወርድ፣ የአሜሪካው ባንክ ሲቲግሩፕ 22 ቢሊዮን ዶላር ወጪ መዘገበ። የዚህ ወጪ አብዛኛው የመጣው የተላለፈ የግብር ሀብቱ ዋጋ ስለወረደ ነው። ትልቅ የተላለፈ የግብር ዕዳ የነበረበት የዋረን ቡፌት ኩባንያ በርክሻየር ሃታዌይ ደግሞ 29 ቢሊዮን ዶላር ገደማ አተረፈ። ካዝናው ውስጥ ግን በዚያ ቀን አንድም ዶላር አልገባም።