ስለ ካኑሪዎች የሚባለውና እውነታው

ካኑሪዎች ቻድ ሐይቅን ከበው የሚኖሩ፣ የቅኝ ገዥዎች ድንበር ለአራት አገር ያካፈላቸው ሕዝብ ናቸው። አብዛኞቹ በናይጄሪያ ቦርኖና ዮቤ ግዛቶች፣ ሌሎቹ በምሥራቅ ኒጀር፣ በቻድና በሰሜን ካሜሩን ይኖራሉ። ስለ እነሱ የምንሰማው አብዛኛው ነገር ግን በሌላ ሰው አፍ የተነገረ ነው። (ዓመታቱ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።)

«የሰሜን ናይጄሪያ ሙስሊም ከሆኑ ያው ሐውሳ ናቸው»

አይደሉም። ሐውሳ የገበያ ቋንቋ ስለሆነ ብዙዎቹ ይናገሩታል እንጂ የአፍ መፍቻቸው ካኑሪ ነው። እንዲያውም ሐውሳ ከአማርኛ፣ ከኦሮምኛና ከሶማልኛ ጋር በአፍሮ-እስያ ቤተሰብ ይመደባል፤ የካኑሪ የቅርብ ዘመዶች ደግሞ የሰሃራዎቹ ቱቡና ዛጋዋ ናቸው። በቋንቋ ከሆነ ሐውሳ ለካኑሪ ጎረቤት ነው፣ ለእኛ የሩቅ ዘመድ።

«እስልምናን ያመጡላቸው ፉላኒዎች ናቸው»

ይህ ከሁሉም የከፋው ስህተት ይመስለኛል። ፉላኒዎች ሌላ የምዕራብ አፍሪካ ሙስሊም ሕዝብ ናቸው፤ የእነሱ ሼክ ዑስማን ዳን ፎዲዮ ጂሃድ ያወጁት በ1804 ነው። የካኑሪዎች ቀደምት መንግሥት የካነም ቤተ መንግሥት የሰለመው በ11ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ነበር፤ በ1240ዎቹ ደግሞ ከካነም ለሚመጡ ተማሪዎች ካይሮ ውስጥ መድረሳ ተሠርቶላቸዋል።

በ1390ዎቹ መጀመሪያ ካነምን የተካው የቦርኖ መንግሥት ማይ (ንጉሣቸውን የሚጠሩት እንዲህ ነው) ዑስማን ለግብፁ ሱልጣን በርቁቅ የጻፉት ደብዳቤ፣ ግብፃዊው ጸሐፊ አል-ቃልቃሸንዲ ስለገለበጠው እስከ ዛሬ አለ። ማዩ የዐረብ ጎሣዎች አገራቸውን እየወረሩ ነጻ ሙስሊሞችን ለግብፅና ለሶርያ ነጋዴዎች እንደሚሸጡ ይከስሳሉ፤ የተወሰዱትም ተፈልገው ነጻ እንዲወጡ ይጠይቃሉ። ቦርኖ ራሷ ባሪያ ትሸጥ እንደነበር አይዘንጋ፤ ማዩን ያስቆጣቸው የእነሱ ሙስሊሞች ተራ መድረሱ ነው።

የፉላኒ ጂሃድ ተዋጊዎች በ1808 የቦርኖን ዋና ከተማ ንጋዛርጋሙን ሲይዙ፣ ሙሐመድ አል-አሚን አል-ካነሚ የተባሉ ሼክ «ሙስሊሞች ሆነን ሳለ የምትወጉን ለምንድን ነው?» የሚል ደብዳቤ ላኩላቸው። ከወዲያ በኩል «ዛፍ ሥር ታርዳላችሁ፣ ሴቶቻችሁ አይሸፋፈኑም፣ ዳኞቻችሁ ጉቦ ይበላሉ» የሚል ክስ መጣ። አል-ካነሚ ሲመልሱ እነዚህ ኃጢአት እንጂ ክህደት አይደሉም፣ ከኃጢአት የጸዳ ዘመንም አገርም የለም አሉ። በክርክሩ ብቻም አላበቁም፤ ጦሩን መርተው ቦርኖን አዳኑ፣ በ1814 ኩካዋ የተባለችውን ከተማ ቆረቆሩ። የዛሬዎቹ የቦርኖ ሼሁዎች (ባህላዊ ገዥዎች) የእሳቸው ዘሮች ናቸው።

«ነገሥታቱ ከየመን የመጡ ናቸው»

ከ11ኛው መቶ ክፍለ ዘመን እስከ 1846 የዘለቀው የካነምና የቦርኖ ማዮች የሰይፋዋ ሥርወ መንግሥት ዘሩን ከሰይፍ ኢብን ዚ የዘን ይቆጥራል። ይህ ሰው አክሱማውያንን ከየመን ለማስወጣት ፋርሶችን ያመጣው ጀግና ነው፤ ማለትም የእኛው ባላንጣ። የታሪክ ምሁራን ሐረጉን የሚያዩት ክብር ለመጨመር እንደተቀጠለ እንጂ እንደ እውነተኛ ትውልድ አይደለም። የሰሎሞናዊውን ሥርወ መንግሥት የዘር ቆጠራ የሚያውቅ ኢትዮጵያዊ በዚህ ብዙም አይደነቅም።

«ሴቶች በመንግሥቱ ቦታ አልነበራቸውም»

የማዩ እናት ማጊራ የሚባል ማዕረግ ነበራት፣ የራሷን ጉልትም ታስተዳድር ነበር። በወጉ እንደሚተረከው፣ ማይ ቢሪ ሌባን እንደ ሸሪዓው እጁን በመቁረጥ ፈንታ በሞት ስለቀጣ እናቱ አስራዋለች።

«የበረሃ ዘላኖች ናቸው»

በዋናነት ገበሬዎች ናቸው፤ አሣ ያጠምዳሉ፣ ይነግዳሉም። ከሐይቁ ደቡብ ምዕራብ ፊርኪ የሚሉት ጥቁር መረሬ አፈር አለ። ገበሬው ውኃ እንዲተኛበት በዙሪያው ዝቅተኛ ክትር ይሠራል። ዝናቡ ሲያበቃ፣ በመስከረምና በጥቅምት፣ በመደብ ያፈላውን ማሳክዋ የተባለ የማሽላ ችግኝ ነቅሎ ያመጣል፤ በከባድ ሹል እንጨት ጉድጓድ ይወጋል፣ ውኃ ያፈስበታል፣ ችግኙን ይተክላል። ከዚያ በኋላ ጠብታ ዝናብ ሳያገኝ፣ ሽምብራ እኛ ጋ እንደሚበቅለው መሬቱ በቋጠረው እርጥበት ብቻ አድጎ፣ በጥርና በየካቲት ይታጨዳል።

«ቦኮ ሐራም የካኑሪዎች እንቅስቃሴ ነው»

ይህ እስላማዊ ታጣቂ ቡድን የተነሣው በቦርኖ ግዛት ዋና ከተማ በማይዱጉሪ ነው፤ ለዓመታት የመራው አቡበከር ሼካውም ካኑሪ ነበር፣ ይህ አይካድም። ግን ቡድኑ የገደላቸውና ያፈናቀላቸው ካኑሪዎችም እጅግ ብዙ ናቸው። በ2012 አጥፍቶ ጠፊ የቦርኖውን ሼሁ ከመስጊድ ሲወጡ ሊገድላቸው ሞክሯል። በ2013 ዱላና ገጀራ ይዘው ታጣቂዎቹን ከየሰፈሩ ያሳደዱት የማይዱጉሪ ወጣቶች ናቸው። ገበሬው ደግሞ በሌላ በኩል ተጎዳ፦ ረጅም አዝመራ ታጣቂ ይሸሽጋል በሚል በዋና ዋና መንገዶች ዳር ማሽላና በቆሎ እንዳይዘራ ተከለከለ።