ሎድ ኦርደር፦ ስለ ሞድ ቅደም ተከተል በስህተት የሚታመኑ ነገሮች

ስካይሪም የሚባለውን የኮምፒውተር ጌም በሞድ፣ ማለትም ሰዎች ጌሙን ለመለወጥ በሠሩት ተጨማሪ፣ የሚጫወት ሰው ይዋል ይደር እንጂ ከሎድ ኦርደር ጋር መፋጠጡ አይቀርም። ጌሙ በድንገት ይዘጋል። የአንዷ ሴት ፊት ከአንገቷ ተለይቶ ይጠቁራል። ትናንት የነበረው የሚያምር መብራት ዛሬ የለም። እርዳታ ስትጠይቁ ደግሞ መልሱ ሁሌም አንድ ነው፦ "ሎድ ኦርደርህን አስተካክል"። እሺ፣ ግን ምኑን ነው የማስተካክለው? የቱን ከየቱ በላይ? ይሄን የሚነግራችሁ የለም። ስለዚህ ብዙ ሰው ሞዶቹን በግምት ወደ ላይ ወደ ታች ሲያመላልስ ያመሻል፣ ሲሰለቸው ሁሉንም አጥፍቶ እንደ አዲስ ያወርዳል፤ በእኛ ሀገር የኢንተርኔት ዋጋ እና ፍጥነት ደግሞ ይሄ ትልቅ ኪሳራ ነው።

መጀመሪያ ነገሩን እናጥራው። ሎድ ኦርደር ማለት ጌሙ ሲነሳ ፕለጊኖችን፣ ማለትም ስማቸው በኢኤስኤም፣ በኢኤስፒ ወይም በኢኤስኤል የሚያልቁትን ፋይሎች፣ የሚያነብበት ተራ ነው። ሁለት ፕለጊኖች አንድ ነገር ከነኩ በኋላ የተነበበው ያሸንፋል። አንዱ ፕለጊን ሌላውን መሠረት አድርጎ ከተሠራ ደግሞ መሠረቱ መቅደም አለበት። ከእነዚህ ውጭ የሚነካካ ነገር ከሌላቸው ማንም ቢቀድም ማንም ቢከተል ለውጥ የለውም። የምናገረው በ2016 እ.ኤ.አ. ስለወጣው የስካይሪም ስፔሻል ኤዲሽን ነው።

"ጌሙ ክራሽ ካደረገ ጥፋቱ የሎድ ኦርደር ነው"

አብዛኛውን ጊዜ አይደለም። ዋናው ሜኑ እንኳ ሳይመጣ የሚዘጋ ከሆነ መጀመሪያ የሚጠረጠረው የጎደለ መሠረት ነው። ለሌላ ሞድ የተሠራ ፓች፣ ማለትም ሞዶችን የሚያስማማ ትንሽ ፕለጊን፣ ጭናችሁ ዋናውን ሞድ ካልጫናችሁ ጌሙ የሌለ ፋይል ሲፈልግ ይወድቃል። ሞዶችን የሚያስተዳድረው ፕሮግራም ሞድ ኦርጋናይዘር 2 ይሄን በማስጠንቀቂያ ምልክት ያሳያችኋል፤ ምልክቱን አይታችሁ አትለፉት።

ሁለተኛው ተጠርጣሪ ኤስኬኤስኢ ነው፤ ሞዶች ጌሙ ብቻውን የማይችለውን እንዲሠሩ የሚያስችል ፕሮግራም ነው። በእሱ ላይ የሚሠሩት የዲኤልኤል ፋይሎች ጭራሽ ሎድ ኦርደር ውስጥ የሉም፤ ፕለጊኖቹን ቀኑን ሙሉ ብታመላልሱ እነሱን አይነካቸውም። ብዙዎቹ የሚሠሩት ለተወሰነ የጌሙ ቨርዥን ብቻ ነው። በኅዳር 2021 እ.ኤ.አ. አኒቨርሰሪ ኤዲሽን ሲወጣ፣ በታኅሣሥ 2023 ደግሞ 1.6.1130 ሲመጣ የብዙ ሰው ጌም በአንድ ሌሊት የተበላሸው በዚህ ምክንያት ነው። ሰዉ ሎድ ኦርደሩን ሲያገላብጥ የተቀየረው ግን ጌሙ ራሱ ነበር። ስቲም ላይ የምትጫወቱ ከሆነ "ስከፍተው ብቻ አዘምን" የሚለውን ምረጡና ጌሙን በኤስኬኤስኢ በኩል ብቻ ክፈቱ። ከብዙ ጣጣ ትድናላችሁ።

"በጣም የምወደውን ሞድ መጨረሻ ላይ ላድርገው፣ ሁሌም እሱ ያሸንፍ"

ከሁሉም በላይ ሰው የሚያሳስተው ይሄ ነው፣ ስለዚህ እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ።

መጨረሻ ላይ ያለው ያሸንፋል፣ ልክ ነው። ግን የሚያሸንፈው በምንድነው? ሰው የሚመስለው ሞዱ የቀየረው ነገር ብቻ የሚያሸንፍ ነው። እንደዚያ አይደለም። ስካይሪም ውስጥ እያንዳንዱ ሰው፣ ሰይፍ፣ ቤት አንድ ሪከርድ (የመረጃ መዝገብ) ነው፤ የሚያሸንፈው ሪከርዱ ሙሉ በሙሉ ነው፣ ሞዱ ያልነካቸውን መስመሮች ጨምሮ።

ዋይትረን ከተማ ያለውን ባነርድ ሜር የሚባለውን መጠጥ ቤት ውሰዱ። አንድ ሞድ የቤቱን መብራት ለወጠ፣ የእሳቱ ብርሃን ሞቅ ያለ፣ ጥግ ጥጉ ጨለም ያለ ሆነ። ሌላ ሞድ ደግሞ እዚያው ቤት ውስጥ አንድ ጠረጴዛ እና ሁለት ወንበር ጨመረ። የሁለተኛው ሠሪ መብራት የሚባል ነገር አላሰበም። ግን እቃ ቤቱ ውስጥ ሲያስቀምጥ ፕለጊኑ የቤቱን ሪከርድ አብሮ ይዟል፤ በዚያ ሪከርድ ውስጥ ያለው መብራት የድሮው ነው። ጠረጴዛው በኋላ ከተነበበ የእናንተ መብራት ይጠፋል። የጠፋው በጠረጴዛ ምክንያት ነው ብሎ ማን ይጠረጥራል?

ታዲያ መብራቱን በዝርዝሩ ላይ ከጠረጴዛው በታች ማድረግ፣ ማለትም በኋላ እንዲነበብ ማድረግ በቂ ነው? እዚህ ጋ አዎ፣ ምክንያቱም ጠረጴዛው እና ወንበሮቹ የየራሳቸው ሪከርድ አላቸው፣ አይጠፉም። ግን ሦስተኛ ሞድ መጥቶ የዚያኑ ቤት ሙዚቃ ከቀየረስ? ሙዚቃውም መብራቱም የተጻፉት እዚያው የቤቱ ሪከርድ ላይ ነው። አንዱን ስታስቀድሙ ሌላው ይሸነፋል። የፈለጋችሁትን ያህል ብታፈራርቁ ሁለቱንም አታገኙም። ቅደም ተከተል የሚፈታው አይደለም፣ ፓች ነው የሚያስፈልገው።

ፓች መሥራት ደግሞ እንደሚፈራው አይደለም። የፕለጊኖችን ውስጥ የሚያሳየውን ኤስኤስኢ-ኤዲት የሚባል ፕሮግራም ክፈቱ፣ ሪከርዱን ፈልጉ። እያንዳንዱ ፕለጊን በራሱ ዓምድ ተደርድሮ ታያላችሁ፤ ከሁሉም በስተቀኝ ያለው አሸናፊው ነው። ሪከርዱን ወደ አዲስ ባዶ ፕለጊን ኮፒ አድርጉ፣ የመብራቱን መስመር ከአንዱ ዓምድ፣ የሙዚቃውን ከሌላው እየጎተታችሁ አዲሱ ላይ ጣሉ፣ ሴቭ አድርጉ፣ መጨረሻ ላይ አስቀምጡት። አለቀ። ይሄን አንዴ የሠራ ሰው ስለ ሞድ ያለው አስተሳሰብ ይቀየራል፣ ምክንያቱም መገመት ትቶ ማየት ይጀምራል።

"ሉትን ካስነሳሁት ሁሉም ይስተካከላል"

ሉት ፕለጊኖችን በራሱ የሚደረድር ጥሩ መሣሪያ ነው፣ ለጀማሪ ደግሞ በእጅ ከመደርደር እጅግ ይሻላል። መሠረቶቹን ያስቀድማል፣ ሰዎች አዘጋጅተው የሚያድሱትን ዝርዝር ይከተላል፣ ሁለት ፕለጊኖች ሲጋጩ ብዙ ሪከርድ የሚነካውን አስቀድሞ ትንሹን ያስከትላል። የማያውቀው ግን የእናንተን ምርጫ ነው። ሁለት ሞዶች አንዲትን ሴት በየራሳቸው መልክ ቢሠሯት የትኛው መልክ እንደሚያምራችሁ ሉት ከየት ያውቃል? ያንን እናንተ ደንብ አድርጋችሁ ትነግሩታላችሁ፣ ከዚያ ያከብረዋል። ግጭት አይፈታም፣ ፓችም አይሠራም። የሚጽፋቸውን ማስጠንቀቂያዎች ግን አንብቡ፤ ብዙ ሰው "ደርድር" የሚለውን ብቻ ተጭኖ ይወጣል።

"የግራው ዝርዝርም የቀኙም ሎድ ኦርደር ነው"

ሞድ ኦርጋናይዘር 2 ላይ ሁለት ዝርዝር አለ። የቀኙ ፕለጊኖች ናቸው። የግራው ደግሞ ፋይሎች ናቸው፤ ቴክስቸር (የነገሮች ላይ ላዩ ምስል)፣ ቅርጽ፣ ድምፅ፤ ሁለት ሞዶች በአንድ ስም አንድ ፋይል ካመጡ የማን እንደሚታይ የሚወስነው እሱ ነው። ሉት የግራውን አይነካውም።

የጠቆረው ፊት የሚመጣው ከዚህ ነው። ጌሙ ውስጥ ያለችውን ሊዲያን ውሰዱ። ስለ ፊቷ ያለው መረጃ ሁለት ቦታ ተቀምጧል፦ ፕለጊኑ ውስጥ ያለው ሪከርዷ እና ለብቻው ያለው የፊቷ ፋይል። ሁለቱ መስማማት አለባቸው። በቀኝ በኩል ያሸነፈው "ሀ" የሚባል ሞድ፣ በግራ በኩል ያሸነፈው "ለ" ከሆነ ጌሙ ማስማማት ያቅተውና ፊቷን አጥቁሮ ያወጣዋል። መፍትሔው አንድ ሞድ መርጣችሁ በሁለቱም በኩል እንዲያሸንፍ ማድረግ ነው። ቴክስቸሩን እንደገና ማውረድ፣ ጌሙን እንደገና መጫን ምንም አያመጣም።

አንድ ነገር ልጨምር። በቢኤስኤ ፋይል ታሽገው የሚመጡ ነገሮች ተራቸውን የሚያገኙት ከፕለጊናቸው ነው፣ ያልታሸጉ ፋይሎች ግን ሁልጊዜ የታሸጉትን ያሸንፋሉ። "ከታች አድርጌው ለምን አይታይም?" የሚለው ጥያቄ ብዙ ጊዜ መልሱ እዚህ ነው።

"ከ255 ሞድ በላይ አይቻልም"

ይሄ ከ2011ዱ ስካይሪም የመጣ ነው፣ ያውም ስለ ሞድ ሳይሆን ስለ ፕለጊን ነበር። ቴክስቸር ብቻ የሚቀይር ሞድ ፕለጊን ላይኖረው ይችላል፣ ስለዚህ አይቆጠርም። ስፔሻል ኤዲሽን ላይ ሙሉ ፕለጊኖች እስከ 254 ናቸው፣ በተጨማሪ 4096 ቀላል (ኢኤስኤል) ፕለጊኖች ሁሉም በአንድ ቦታ ይካተታሉ። ሆኖም መሀል ጨዋታ ላይ ያለን ፕለጊን ወደ ቀላል አትቀይሩት፤ የእቃዎቹ መለያ ቁጥር ስለሚቀየር ሴቫችሁ ያጣቸዋል።

"ሞዱ ካልተመቸኝ አጥፍቼው እቀጥላለሁ"

እንደ ሞዱ ነው። ቴክስቸር ከሆነ አጥፉት፣ ችግር የለም። የፕለጊን ቦታ መቀየርም ብዙ ጊዜ ጉዳት የለውም። ስክሪፕት፣ ማለትም ጌሙ ውስጥ የሚሠራ ትንሽ ፕሮግራም፣ ያለው ሞድ ግን ሌላ ነው። ስክሪፕቱ የሠራው ሥራ ሴቩ ውስጥ ተጽፎ ይቀራል፣ ሞዱን ብታጠፉትም ቅሪቱ እዚያው አለ። ጉዳቱ ዛሬ ላይታይ ይችላል፣ ከብዙ ሰዓት ጨዋታ በኋላ ግን አንድ ተልእኮ አልቀጥል ይላል። ማጥፋት ካለባችሁ ሞዱ ከመጫኑ በፊት ወደነበረው ሴቭ ተመለሱ። የተልእኮ ወይም የውጊያ ሞድ ስትጭኑ አስቀድማችሁ ለብቻው ሴቭ አድርጋችሁ ያዙ።

"አንዱን ጌም ካወቅሁ ሁሉንም አወቅሁ"

ከስካይሪም ወጥታችሁ ዊቸር 3 ስትገቡ ነገሩ ይገለበጣል። እዚያ ቅድሚያው ትንሽ ቁጥር ያለው ነው የሚያሸንፈው፤ ለዚህ ነው ሞዶችን የሚያዋህደው ስክሪፕት መርጀር የሚባል ፕሮግራም ያዋሃደውን ፎልደር ከ"mod" ቀጥሎ አራት ዜሮ ያለበት ስም የሚሰጠው፣ ከፊደል ተራው መጀመሪያ ላይ እንዲሆን። ሳይበርፐንክ 2077 ላይም የአርካይቭ ፋይሎች በስማቸው ተራ ይነበባሉ፣ ቀድሞ የተነበበው ያሸንፋል። ሪምወርልድ ላይ ደግሞ ሃርመኒ የሚባለው ሞድ ከጌሙ ከራሱ፣ ከኮር በላይ መቀመጥ አለበት፤ ብዙ ሞድ ሠሪዎች ሞዳቸው ከማን በፊት ከማን በኋላ እንደሚሆን ፋይላቸው ውስጥ ስለሚጽፉ ጌሙ ውስጥ ያለው የራስ-ሰር መደርደሪያ አብዛኛውን ይጨርስላችኋል። አዲስ ጌም ስትጀምሩ ሁለት ጥያቄ አስቀድማችሁ መልሱ፦ የሚያሸንፈው የመጀመሪያው ነው የመጨረሻው? የሚያሸንፈውስ ሙሉ ፋይሉ ነው ወይስ የተቀየረው መስመር ብቻ?