«ይሄማ ላሊበላ ነው!» እና ሌሎች ወደ ማማላፑራም ስንሄድ የምሰማቸው ስህተቶች

ደቡብ ህንድ፣ ቼናይ ከተማ ለሕክምና የሚመጣ ሀበሻ በቀጠሮና በቀጠሮ መሀል ሁለት ሦስት ባዶ ቀን አያጣም። ውጤት እስኪወጣ ይጠበቃል፣ ስፌት እስኪደርቅ ይጠበቃል። እኔ ለትምህርት መጥቼ እዚሁ የቀረሁ ሰው ነኝ፤ እንጀራዬ ማስተርጎም ነው። በእነዚያ ባዶ ቀኖች አስታማሚዎቹን፣ አንዳንዴም ሻል ያለውን በሽተኛ ራሱን ይዤ የጥንት የድንጋይ ቤተ መቅደሶች ወዳሉበት ከተማ፣ ወደ ማማላፑራም እወርዳለሁ። ከከተማው በስተደቡብ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ባሕሩን በግራ እያዩ። ዓመታት ተመላልሼበታለሁ፤ ድንጋዩ አልሰለቸኝም። መኪናው ውስጥ የሚወራው ግን አንገሽግሾኛል። አንዴ ልጻፈውና የሚመጣ ሰው ሳይሳፈር ያንብበው።

«ከምሳ በኋላ ብንሄድስ?» አይሆንም። በሩ ጠዋት 12 ሰዓት ይከፈታል፤ በ12 ሰዓት ተኩል እዚያ ያልደረሰ ሰው ድንጋይ ሳይሆን ጥላ ሲፈልግ ይውላል። ሰዓት ካነሳን፣ መኪና ስታዝዙ በህንድ ሰዓት ተናገሩ። አንዲት እህታችን እኔን ላለማስቸገር ብላ ራሷ ለሾፌሩ ደውላ «ትዌልቭ» አለችው። የጠዋቱን 12 ማለቷ ነበር። ሰውየው አንዲት ደቂቃ ሳያዛንፍ መጣ፣ እኩለ ቀን ላይ። ሙቀቱ በጫማ ሶል አልፎ በሚያቃጥልበት ሰዓት ደረስን።

«ዓርብ ዝግ ነው አሉ።» ዓርብ የሚዘጋው ታጅ ማሃል ነው፣ እሱ ደግሞ ሰሜን ህንድ ነው። ማማላፑራም በየቀኑ ክፍት ነው።

«መግቢያው ለሁሉም እኩል ነው።» ህንዳዊ 40 ሩፒ፣ እኛ 600። አትከራከሩ፣ ቲኬት ቆራጩን ሦስት ጊዜ ያስለፈለፈ ሰው አጅቤ አውቃለሁ፣ ያተረፈው ረጅም ሰልፍ ነው። በዚያው ቲኬት የባሕር ዳሩን ቤተ መቅደስም አምስቱን ራታዎችም (ከአለት የተጠረቡ ቤተ መቅደስ መሰል ሕንጻዎች ናቸው) በአንድ ቀን ታያላችሁ፣ እንዳትጥሉት።

«እኔ ጣዖት ቤት አልገባም።» ይህን የሚሉትን አላሾፍባቸውም። በተለይ እናቶች ናቸው፣ ነጠላቸውን ይበልጥ ጠቅለል አድርገው መኪናው ውስጥ ይቀራሉ። ግን የሚፈሩት ነገር እዚያ የለም። አምስቱ ራታዎች ሳይጠናቀቁ የቀሩ ናቸው፤ ካህንም፣ ዕጣንም፣ አምልኮም የለባቸውም። ሁሉም በህንድ የአርኪዮሎጂ መሥሪያ ቤት የሚጠበቁ ቅርሶች ሆነው በ1984 በዩኔስኮ መዝገብ ሰፍረዋል (ዓመቶቹን ሁሉ የምጠራው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው)። ጉብኝት ነው፣ ስግደት አይደለም። አምልኮ ያለበት ሕያው ቤተ መቅደስ ማየት የሚፈልግ ከተማው መሀል አንድ አለ፤ እንዲህ ባሉት ደግሞ በአብዛኛው ሂንዱ ያልሆነ ሰው ወደ ውስጠኛው ክፍል አይገባም። ለቤተ መቅደስ ሥርዓት እነሱም እንደኛው ጥብቅ ናቸው። ቅድስተ ቅዱሳን ለማንም እንደማይከፈት ለሚያውቅ ሰው ይህን ማስረዳት ይከብዳል? አንዳንዱ ግን «አባረሩን» ብሎ ያወራል።

አሁን ወደ ዋናው ብስጭቴ።

አምስቱ ራታዎች ጋ ስንደርስ፣ ገና ከበሩ፣ አንድ ሰው መጮሁ አይቀርም፦ «ይሄማ ላሊበላ ነው!» እስከዚህ ድረስ ችግር የለም፤ እኔም መጀመሪያ ያየሁት ቀን ያልኩት ይህንኑ ነው። ነገር የሚበላሸው ሁለተኛው ዓረፍተ ነገር ላይ ነው። ግማሹ «ከእኛ ገልብጠው ነው» ይላል። ሌላው ግማሽ፣ በተለይ ትንሽ አንብቤያለሁ የሚለው፣ «እንግዲያው ላሊበላን የሠሩልን ህንዶች ናቸዋ» ይላል። ከዚያ ሁለቱ ወገን ይያያዛል፤ እኔ መሀል ቆሜ ውኃ አድላለሁ።

መጀመሪያ ዘመኑን እንቁጠር። ራታዎቹ የ7ኛው ክፍለ ዘመን ሥራ ናቸው፣ የፓላቫ ነገሥታት ዘመን። ከተማው ራሱ ስሙን ያገኘው ከ630 እስከ 668 ገደማ ከነገሠው ከቀዳማዊ ናራሲምሃቫርማን ነው፤ ቅጽል ስሙ «ማማላ» ነበር፣ ታላቁ ትግለኛ እንደማለት። የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት በ12ኛው መጨረሻና በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ የነገሠው ንጉሥ ሥራ ተብለው ይታወቃሉ። በመሀላቸው ከ500 ዓመት በላይ አለ። ስለዚህ «ከእኛ ገልብጠው» የሚለው ወገን ይቀመጥ፤ ገና ያልተወለደን ማንም አይገለብጥም።

ይህን ስናገር ሁለተኛው ወገን ደረቱን ይነፋል። እሱም ይቆይ። ወደ ድንጋዩ ቀረብ በሉና በእጃችሁ ዳብሱት። ይሄ ግራናይት ነው፤ ጠንካራ፣ እህል እህል የሚል፣ መሮ የሚያደንዝ። የላሊበላው እሳተ ገሞራ የተፋው ቀይ ድንጋይ ነው፣ ከዚህ ጋር ሲነጻጸር ለስላሳ። ራታዎቹ ከመሬት በላይ ጉብ ብሎ ከነበረ አለት የተጠረቡ ናቸው፤ ቆማችሁ ሽቅብ ታዩአቸዋላችሁ። ቤተ ጊዮርጊስን ግን ከአፋፉ ቆማችሁ ቁልቁል ነው የምታዩት፣ ጣሪያው ላይ ያለው መስቀል ከእግራችሁ ሥር ነው። ከሁሉም በላይ ደግሞ ውስጡን ተመልከቱ። ከአምስቱ ረጅሙ የዳርማራጃ ራታ ፎቅ በፎቅ ተደርድሮ ይታያል፣ ግን ሰው የሚሰበሰብበት አዳራሽ የለውም፤ ጥበቡ ሁሉ ከውጭ ነው። ላሊበላ ላይ የተፈለፈለው ውስጡም ነው፦ ዓምድ፣ ቅስት፣ ቅኔ ማህሌት፣ መቅደስ። ሕዝብ ቆሞ ያስቀድሳል። አንዱ ሐውልት ነው ብትሉ ያስኬዳል፣ ሌላው ቤት ነው።

እሺ፣ ታዲያ ለምን ይመሳሰላሉ? ቀና ብላችሁ የቢማን ራታ እዩ፤ ጣሪያው ተጠናቆ አምሯል፣ ታችኛው ክፍል ግን ገና ጥርቡ ያላለቀ ሸካራ ድንጋይ ነው። ሥራው ሲቋረጥ እዚያ ላይ ነበር የደረሰው። ከላይ ጀምሮ ወደ ታች መውረድ ማለት ይህ ነው። ግንበኛ ከመሠረት ይጀምራል፣ ከአንድ አለት ቤት የሚያወጣ ግን ከጣሪያ ይጀምራል፤ ገና ያልተጠረበው ድንጋይ ራሱ መቆሚያው ነው፣ ፍርፋሪውም ቁልቁል ይወርድለታል። ላሊበላም እንዲሁ ነው። ማሃራሽትራ ግዛት ኤሎራ ላይ ያለው የ8ኛው ክፍለ ዘመን ግዙፉ ካይላሳም እንዲሁ ነው። ይህን ለማወቅ መርከብ ተሳፍሮ መማር አያሻም፤ አንዴ ከታች የጀመረ ሰው ራሱ ላይ ሲወርድበት ይማራል።

የቅርጹስ ምንጭ? እያንዳንዱ ጠራቢ በድንጋይ የገለበጠው የገዛ አገሩን ቤት ነው። ቤተ አማኑኤልን ያየ ሰው ግድግዳው ገባ ወጣ ሲል የአክሱምን ሕንጻ ያስታውሳል፤ ከላሊበላ በፊት የታነጸው ይምርሐነ ክርስቶስም ያንኑ የእንጨትና የድንጋይ አሠራር ይዟል። የዘር ሐረጉ እቤት ነው ያለው። ራታዎቹም የራሳቸውን አገር የእንጨትና የሣር ቤት ነው የቀዱት። አንድ ጊዜ ከጎጃም የመጡ ጋሼ ይዤ ነበር፣ ለልጃቸው ልብ ሕክምና መጥተው። ከአምስቱ ትንሿ የድራውፓዲ ራታ ፊት ዝም ብለው ቆሙ፣ ዞሯት፣ ጣሪያዋ ወደ ታች ጎበጥ የሚልበትን በከዘራቸው አሳዩኝና «ይሄኮ የሣር ክዳን ነው ልጄ፣ የውኃው መውረጃ ነው» አሉኝ። ልክ ናቸው! የሣር ጎጆ ነች በድንጋይ። ከዲግሪው ሁሉ የእሳቸው ዓይን በለጠ።

ኢትዮጵያዊ በህንድ ድንጋይ ላይ አሻራ አለው ወይ ካላችሁ ደግሞ በግምት አትድከሙ፣ ስም ያለው ሰው አለ፦ ማሊክ አምባር። በ1548 ገደማ ኢትዮጵያ ውስጥ ተወለደ፣ በባርነት ተሸጠ፣ በዴካን፣ በህንድ ደጋማው አምባ፣ የጦር አዛዥና የአህመድናጋር ግዛት አድራጊ ፈጣሪ ሆነ፣ ሰሜን ህንድን ይገዙ የነበሩትን ሙጋሎችን ለረጅም ዘመን አስቸገረ። በ1626 ሞቶ የተቀበረው ኩልዳባድ ነው፣ ከኤሎራ ዋሻዎች ጥቂት ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ። ይህን ትቶ በሌለ ታሪክ መኪና ውስጥ የሚጣላ ሰው ያናድደኛል።

የቀሩትን ቶሎ ቶሎ ልበል።

«ራታ ማለት ሰረገላ ስለሆነ የነገሥታት ሰረገላ ነበሩ።» ቃሉ ሰረገላ ማለት ነው፣ እነሱ ግን ሰረገላ ሆነው አያውቁም። የአምስቱ ወንድማማቾችና የሚስታቸው ስምም ከማሃባራታ፣ ከህንዶች ጥንታዊ የጀግኖች ግጥም፣ ተወስዶ በኋላ የተለጠፈ ነው። የድራውፓዲ የተባለችው ጎጆ ውስጥ የተቀረጸችው ዱርጋ የምትባል የሂንዱ ሴት አምላክ ናት።

«የባሕር ዳሩም ከአንድ አለት ነው።» አይደለም። እሱ በተጠረበ ድንጋይ፣ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ተደርድሮ በ8ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የታነጸ ነው። ጨዋማው ነፋስ ቅርጾቹን ልሶ ሙልጭ ስላደረጋቸው አንድ ወጥ ይመስላል።

«ሌሎች ስድስት ቤተ መቅደሶች ባሕሩ ውስጥ ቆመዋል።» የድሮ አውሮፓውያን መርከበኞች ቦታውን «ሰባቱ ፓጎዳዎች» ይሉት ነበር፣ ወሬው ከዚያ ነው። ታኅሣሥ 2004 ሱናሚው ሳይመታ ባሕሩ ሲሸሽ ሰዎች የድንጋይ ረድፍ አይተዋል፤ ማዕበሉም አሸዋውን ጠርጎ የተቀረጸ አለት ገልጧል። ጠላቂዎችም ከውኃው ሥር የግንባታ ቅሪት አግኝተዋል። ቅሪት አለ፤ ስድስት ቤተ መቅደስ ቆሞ ያየ ግን የለም።

«ያ ድቡልቡል ድንጋይ በተአምር ነው የቆመው።» የክሪሽና ቅቤ የሚሉት፣ 250 ቶን ይመዝናል የሚባለው። ከኋላ ዙሩና እዩት፣ ግማሹ የለም። ድቡልቡል የሚመስለው ፎቶ የሚነሡት ሁሉ ከፊት ስለሆነ ነው።

«ቬጅ ካለ ጾም ነው።» አይደለም! ይሄ ብዙ ሰው አስገድፏል። የህንድ ቬጅ ሥጋ፣ ዓሣና እንቁላል የለበትም እንጂ ወተት፣ እርጎ፣ ቅቤ አለበት። ማሸጊያ ላይ ያለው አረንጓዴ ነጥብም ያንኑ ነው የሚናገረው። ዶሳ የሚሉትን ስስ ቂጣ በዘይት አስጋግሩ፣ «ጊ የለም፣ ከርድ የለም» (ቅቤ የለም፣ እርጎ የለም) በሉ፤ ኢድሊ ሩዝና ጥራጥሬ ተቦክቶ በእንፋሎት የበሰለ ስለሆነ ደህና ነው።

«ጋይድ ምን ያደርጋል፣ ስልኬ ላይ አለ።» ስልካችሁ ድመቷን አያሳያችሁም።

የትኛዋ ድመት? ከተማው መሀል ሁለት ግዙፍ አለቶች ላይ የተቀረጸ አንድ ትልቅ ሥዕል አለ፣ 29 ሜትር ገደማ ስፋት ያለው። ዝሆኖቹ በቁመታቸው ልክ ናቸው። ግማሹ ሊቅ ከአምስቱ ወንድማማቾች የአንዱ፣ የአርጁና ንስሐ ነው ይላል፣ ግማሹ የጋንጅስ ወንዝ ከሰማይ መውረድ ነው ይላል፤ በአለቶቹ መሀል ያለው ስንጥቅ ውኃ ይወርድበት እንደነበር ስለሚታመን። አንድ አጥንቱ የወጣ ባሕታዊ በአንድ እግሩ ቆሞ እጁን ወደ ላይ ዘርግቶ ይጸልያል። ሰዉ ሁሉ እሱንና ዝሆኖቹን አንሥቶ ይሄዳል። የምናውቀው ጋይድ ግን ሁልጊዜ ጣቱን ወደ ታች፣ ወደ ዝሆኑ እግር አካባቢ ይቀስራል። እዚያ አንዲት ድመት በኋላ እግሯ ቆማ፣ የፊት እግሮቿን ሽቅብ ዘርግታ፣ ልክ እንደ ባሕታዊው ትጸልያለች። ዙሪያዋን አይጦች። ጸድቃለች ብለው አምነዋታል።

መኪና ውስጥ አልወርድም ብለው ከነበሩት እናቶች አንዷ በመጨረሻ ወርደው አዩዋት። ተርጉሜ ሳልጨርስ «ድመት መንኩሳ አመሏን አትረሳ!» ብለው ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ሳቁ። ጋይዱ ምን እንዳሉ ጠየቀኝ፣ ነገርኩት፣ አስደገመኝ። አሁን ሀበሻ በሩቅ ሲያይ እየሮጠ መጥቶ ተረቱን ይጀምርለታል። «ድመት»ን አሳምሮ ይላታል፤ «መንኩሳ» ላይ ግን እስካሁን ምላሱ ይታሰራል።