ስለ ዞርባው አርት ዳይሬክተር የምንሳሳታቸው ነገሮች

በ1964 የወጣውን «ዞርባ ዘ ግሪክ» ያየ ሰው ዞርባን ሆኖ የሚጫወተው አንቶኒ ኩዊን በባሕር ዳርቻ ሲጨፍር አይረሳም። የፊልሙን ቤትና ዕቃ ያሰናዳው አርት ዳይሬክተር ቫሲሊስ ፎቶፑሎስ ግን ብዙም ስሙ አይነሳም። ስለ እሱና ስለ ሙያው የሚባለውም ቢሆን ስህተት ይበዛዋል። (ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

«ኦስካሩን የወሰደው ኩዊን ነው።»
ታጨ እንጂ አልወሰደም፤ ተዋናዩ ሬክስ ሃሪሰን ቀደመው። ፊልሙ ያገኘው ሦስት ኦስካር ለረዳት ተዋናይቷ ሊላ ኬድሮቫ፣ ለካሜራ ባለሙያው ዋልተር ላሳሊና ለፎቶፑሎስ ነው። ኬድሮቫ የተወለደችው ሩሲያ፣ ላሳሊ በርሊን። ኩዊን ራሱ እንኳ የሜክሲኮ ልጅ ነው። ከሦስቱ ተሸላሚዎች ግሪካዊው የካላማታው ልጅ ፎቶፑሎስ ብቻ ነበር።

«እንግዲያው ኦስካር ያገኘ የመጀመሪያው ግሪካዊ እሱ ነዋ!»
እሱም አይደለም። ተዋናይቷ ካቲና ፓክሲኑ በ1944፣ የሙዚቃ ደራሲው ማኖስ ሃጂዳኪስ በ1961 ቀድመውታል።

«አርት ዳይሬክተር ማለት ወንበርና መጋረጃ የሚደረድር ሰው ነው።»
ይሄኛው ያናድደኛል። እስቲ ፊልሙ ላይ የማዳም ኦርታንስን ሞት እንየው። ቀርጤስ ደሴት ላይ ትንሽ ሆቴል ያላት፣ ስለ ድሮ ፍቅረኞቿ አውርታ የማትጠግብ ፈረንሳዊት ናት። ክፍሏ በዕቃ ታጭቋል። ገና ነፍሷ ሳይወጣ ጥቁር የለበሱ አሮጊቶች ያንዣብባሉ። ከዚያ መንደሩ ግር ብሎ ገብቶ ያገኘውን ይዘርፋል። ዞርባ ሲመለስ የተራቆተ ክፍል፣ አልጋው ላይ ሬሳዋ፣ የወፍ ጎጆው ውስጥ በቀቀኗ። ክፍሉ ቀድሞ እንደዚያ ባይሞላ ኖሮ ባዶነቱ ማንን ያስደነግጥ ነበር? ያንን ትዕይንት የሚተርከው ዕቃው ነው።

«ጥቁርና ነጭ ፊልም ቀለም አያስጨንቅም።»
እንዲያውም ይብሳል። ቀይና አረንጓዴ ድምቀታቸው ከተቀራረበ ፊልሙ ላይ አንድ ዓይነት ግራጫ ሆነው ይወጣሉ። ቀዩ መጋረጃ አረንጓዴው ግድግዳ ላይ ሟሙቶ ይቀራል። ስለዚህ ባለሙያው ቀለሙን ሳይሆን ድምቀቱን እያየ ይመርጣል። ፎቶፑሎስ ሰዓሊም ስለነበር ይህ ሳይጠቅመው አልቀረም። ያኔ ኦስካርም ለጥቁርና ነጭ ፊልምና ለባለ ቀለሙ የአርት ዳይሬክሽን ሽልማት የሚሰጠው ለየብቻ ነበር። እሱ ያሸነፈው በጥቁርና ነጩ ነው።

«ከዞርባ በኋላ ጠፋ።»
የት ጠፍቶ! በ1966 ለወጣቱ ዳይሬክተር ፍራንሲስ ፎርድ ኮፖላ አርት ዳይሬክተር ሆኖ ሠራ። በ1969 ደግሞ የራሱን ፊልም ዳይሬክት አደረገ። ያረፈው በ2007 ነው።