ፖይንት ፎር ምንድን ነው?

ጅማ እርሻ ወይም አለማያ የተማረ አባት ወይም አጎት ካላችሁ «ፖይንት ፎር» ሲባል ሳትሰሙ አልቀራችሁም። «ያኔ በፖይንት ፎር ጊዜ» ብለው ይጀምራሉ። ምን እንደሆነ ግን ጠይቀን አናውቅም።

በአጭሩ ይህ ነው፤ አሜሪካ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ለድሃ አገሮችና አዲስ ነፃ ለወጡት ባለሙያ ለመላክ የጀመረችው ፕሮግራም። ብር ሳይሆን ባለሙያ። ይህችን ነገር ያዙልኝ፣ አንዱ ቅሬታ የመጣው ከእሷ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ስሙ የወጣው ከአንድ ንግግር ነው። ጃንዋሪ 20 ቀን 1949 ሃሪ ትሩማን ቃለ መሐላ በፈጸመበት ዕለት የውጭ ፖሊሲውን በአራት ነጥብ ዘረዘረ። አንደኛው የተባበሩት መንግሥታትን መደገፍ ነው። ሁለተኛው የማርሻል ፕላንን፣ ማለትም በጦርነቱ የደቀቀችውን ምዕራብ አውሮፓ መልሶ የማቋቋሚያ የገንዘብ እርዳታን፣ መቀጠል፣ ሦስተኛው ብዙም ሳይቆይ ኔቶ የሆነው የጦር ቃል ኪዳን። እነዚህ አዲስ አልነበሩም። አራተኛው ግን ያልተጠበቀ ነበር፤ ያለንን የሳይንስና የኢንዱስትሪ ዕውቀት ላላደጉት አገሮች እናካፍላለን አለ። በቃ፣ «ፖይንት ፎር» ማለት «አራተኛው ነጥብ» ማለት ነው።

ሐሳቡ የትሩማን አይደለም። ቤንጃሚን ሃርዲ የሚባል የቀድሞ ጋዜጠኛ በአሜሪካ ውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት የሕዝብ ግንኙነት ክፍል ይሠራ ነበር። በጦርነቱ ጊዜ ብራዚል ሄዶ ሠርቷል፣ ትንሽ የሙያ እርዳታ ምን ያህል ለውጥ እንደምታመጣ እዚያ በዓይኑ አይቷል። ለንግግሩ ሐሳብ ይፈለጋል ሲባል ይህንኑ ጽፎ አቀረበ። አለቆቹ ጆሮ ዳባ ልበስ አሉት። እሱም ዝም አላለም፤ አለቆቹን ዘሎ ዋይት ሃውስ ወዳለ ጆርጅ ኤልሲ ወደሚባል ረዳት ዘንድ ሄደ። ኤልሲና የትሩማን አማካሪ ክላርክ ክሊፈርድ ወደዱት፣ ንግግሩ ውስጥ ገባ። እንዲህ ዓይነት ድፍረት በየትኛውም አገር መሥሪያ ቤት ከሥራ የሚያስባርር ነው።

ችግሩ ከንግግሩ በስተጀርባ ምንም የተዘጋጀ ዕቅድ አለመኖሩ ነበር። ፕሬዚዳንቱ ለዓለም ቃል ገባ፣ ውጭ ጉዳይ ደግሞ ቃሉ ምን ማለት እንደሆነ ከዚያ በኋላ ማሰብ ጀመረ። ኮንግረስ ሕጉን ያወጣው በጁን 1950 ነው፣ ዓመት ከመንፈቅ ገደማ ቆይቶ። ለመጀመሪያው ዓመት የተመደበው ደግሞ ወደ 35 ሚሊዮን ዶላር ነው፣ ለዓለም ሁሉ። የማርሻል ፕላን ለምዕራብ አውሮፓ ብቻ በአራት ዓመት ውስጥ 13 ቢሊዮን ገደማ አፍስሷል። ንግግሩን በሬዲዮ ሰምቶ «የእኛም ማርሻል ፕላን መጣ» ላለ አገር ነገሩ ላም አለኝ በሰማይ ሆነበት።

አሠራሩ ቀላል ነበር። አገሩ ከአሜሪካ ጋር ስምምነት ይፈርማል። አሜሪካ የእርሻ፣ የጤናና የትምህርት ባለሙያ ትልካለች፣ ደመወዛቸውንም ትከፍላለች። ተቀባዩ አገር ቦታውን፣ ሠራተኛውንና የአገር ውስጥ ወጪውን በከፊል ይችላል። አንዳንድ ወጣቶች ደግሞ ወደ አሜሪካ ተልከው ይማራሉ። መጀመሪያ የፈረመችው ኢራን ናት፣ ኦክቶበር 1950። ያው ኢራን ናት እንግዲህ፣ ከሦስት ዓመት በኋላ የአሜሪካ የስለላ ድርጅት ሲአይኤና እንግሊዞች ጠቅላይ ሚኒስትሯን ሞሳዴቅን የገለበጡባት። የእርሻ ባለሙያዎቹ በዚህ እጃቸው የለበትም ብንል እንኳ፣ ሁለቱም የመጡት ከአንድ መንግሥት መሆኑን ማንም ኢራናዊ አይስተውም።

ነገሩ የተበላሸው በኦክቶበር 1951 ይመስለኛል። በኮሪያ ጦርነት ጭንቀት ውስጥ የነበረው ኮንግረስ የጦር እርዳታውንና የልማት እርዳታውን በአንድ ሕግ ጠቀለላቸው። ሕጉ ውስጥ አንዲት አንቀጽ ነበረች፤ ሙሉውን እርዳታ የሚፈልግ አገር «ለነፃው ዓለም» መከላከያ የበኩሌን አደርጋለሁ ብሎ መፈረም አለበት የምትል። የሙያ እርዳታ ብቻ ለሚቀበል ቀለል ያለ ቃል ተቀምጦለታል። ለዋሽንግተን ይህ የወረቀት ጉዳይ ነው። ከቅኝ ግዛት ለወጣ ሁለት ዓመት ላልሞላው አገር ግን የሞት ሽረት ነው።

ኢንዶኔዥያን ተመልከቱ። ሆላንድ ነፃነቷን ያወቀችላት በ1949 ማብቂያ ላይ ነው። ከአሜሪካም ከሶቪየትም አልወግንም የሚል ፖሊሲ ነበራት። በጃንዋሪ 1952 ውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሱባርጆ፣ የካቢኔ ጓደኞቹን ሳያማክር፣ ከአሜሪካው አምባሳደር ኮክራን ጋር ደብዳቤ ተለዋውጦ ያችን አንቀጽ ተቀበለ። ወሬው ሲወጣ አገሩ ታመሰ። ፓርላማው «በምስጢር ሸጣችሁን» አለ። ሱባርጆ ሥልጣን ለቀቀ፣ አልበቃም፤ በፌብሩዋሪ ጠቅላይ ሚኒስትር ሱኪማን ካቢኔውን ይዞ ወረደ። አንድ መንግሥት በእርዳታ ወደቀ ማለት ነው፣ ያውም ሊረዱት ፈልገው! ኢንዶኔዥያ በኋላ የጦሩን ትታ የሙያውን እርዳታ ብቻ ወሰደች።

በርማ (የዛሬዋ ምያንማር) ደግሞ ጨርሳ «ይቅርብኝ» አለች። በኮሚኒስቶች ተሸንፈው ከቻይና የሸሹ የብሔርተኞቹ መሪ የቺያንግ ካይሼክ ወታደሮች ሻን ግዛት ውስጥ ሰፍረውባት ነበር፣ ከጀርባ የሚያስታጥቃቸውም ሲአይኤ ነበር። በማርች 1953 እርዳታው እንዲቆም ጠየቀች። የምትፈልጋቸውን አሜሪካውያን መሐንዲሶች ግን በራሷ ገንዘብ ቀጥራ አስቀረች። እኔ በዚህ ሁሉ ታሪክ ውስጥ ከማንም በላይ የምትገርመኝ በርማ ናት። ባለሙያውን አልጠላችም፣ ከእሱ ጋር ተያይዞ የሚመጣውን እንጂ።

ኢትዮጵያ ከእነዚህ የተለየች ነበረች። አዲስ ነፃ የወጣች አገር አይደለችም፣ ገለልተኛም ልሁን አላለችም። ንጉሠ ነገሥቱ በ1950 አሜሪካ ያለው የኦክላሆማ ኤ ኤንድ ኤም ኮሌጅ ፕሬዚዳንት የነበሩትን ዶክተር ሄንሪ ቤኔትን ጋብዘው አገሩን አስጎበኟቸው፣ የእርሻ ኮሌጅ እፈልጋለሁ አሏቸው። በዚያው ዓመት ትሩማን ቤኔትን የፖይንት ፎር የመጀመሪያ ኃላፊ አደረጋቸው። ስምምነቱ በጁን 1951 ተፈረመ። ቤኔት ፍሬውን ሳያዩ በዲሴምበር 1951 ቴህራን አጠገብ በአውሮፕላን አደጋ ከባለቤታቸው ጋር ሞቱ። ያ ሃርዲም አብሯቸው ነበር፣ አብሮ ሞተ።

ሥራው ግን ቀጠለ። ጅማ የእርሻ ትምህርት ቤት በ1952 ተከፈተ፣ አለማያ በ1956 ማስተማር ጀመረ፣ ጃንሆይ በጃንዋሪ 1958 መርቀው ከፈቱት። ኦክላሆማዎቹ ይዘውት የመጡት የራሳቸውን ክፍለ አገር ሞዴል ነው። አስተማሪው ያስተምራል፣ ያው አስተማሪ የዘር ሙከራ ያደርጋል፣ ውጤቱን ደግሞ ገበሬው ዘንድ የሚያደርስ ሰው ያሠለጥናል። ሦስቱም በአንድ ግቢ። ጎንደርም በ1954 የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ተከፈተ፣ በዚያኛው የዓለም ጤና ድርጅትና ዩኒሴፍም ነበሩበት።

በነፃ ነበር? አልነበረም። በሜይ 1953 ኢትዮጵያ የጦር እርዳታ ስምምነትና አስመራ ላይ የነበረውን የአሜሪካኖቹን የቃኘው ጦር ሰፈር ውል ፈረመች። ኢንዶኔዥያን ካቢኔ ያሳጣት ዓይነት ነገር እዚህ ኮሽ ሳይል አለፈ፣ የሚጮህ ፓርላማ አልነበረማ!

ዋሽንግተን መሥሪያ ቤቱን ስሙን እየቀያየረች ቆይታ በ1961 ኬኔዲ ዩኤስኤይድ አደረገው፣ እሱም በጁላይ 2025 ፈርሶ የቀረው ሥራ ወደ አሜሪካ ውጭ ጉዳይ ተጠቃሏል። ኦክላሆማዎቹ በ1968 ውላቸውን ጨርሰው ወጡ። ደርግ በ1977 ቃኘውን ዘጋ። አለማያን ግን አልነካውም፣ እንዲያውም በ1985 የእርሻ ዩኒቨርሲቲ አደረገው።